የታላቅ ወንድሟ መረብ

ፊልም ሠሪዋ ዓሦች እንቁላል የሚጥሉበትን የባሕር ሣር ለዘጋቢ ፊልሟ ስትቀርጽ ከረመች። አንድ ቀን ጠልቃ ሳለ ከባድ መረብ ሣሩን ከነሥሩ እየመነገለ በፊቷ አለፈ። ድፍርሱ ሲጠራ የቀረው የተላጨ ራስ የመሰለ ወለል ነበር። ቀና ስትል መረቡን የምትጎትተውን ጀልባ ሆድ አየች፤ በቀይ ቀለም የተቀባ የተጠገነ ቦታዋንም አወቀችው። ቀለሙን የቀባችው ራሷ ነበረች። ጀልባዋ የታላቅ ወንድሟ ናት።

እናት አባታቸው ከሞቱ ወዲህ ያሳደጋት፣ ያስተማራትም እሱ ነው፤ በዚያው መረብ። ፊልሙን ማቀናበር ስትጀምር ልቧ ሁለት ሆነ። ያንን ቀረጻ ቆርጣ ብትጥለው ፊልሙ ባዶ ወሬ ይሆንባታል፤ ብታስገባው ደግሞ ያጎረሳትን እጅ መንከስ ነው። ባልደረባዋ፣ «ጀልባዋን አደብዝዘን እንለፋት» ቢላትም ነገሩን በሆዷ ይዛ መቆየት አልሆነላትም። ወንድሟን ጠራችው።

በሥራ ልብሱ፣ ዓሣ ዓሣ እየሸተተ መጣ። ጠባቧ ክፍል ውስጥ ጉልበቱን የሚያደርግበት አጥቶ ተቀመጠና፣ «ይቺ ናት ቢሮሽ? የእኔ የዓሣ ሣጥን ትሰፋለች!» ብሎ ሳቀ።

«ጋሼ፣ መጀመሪያ እይልኝ። ከዚያ የፈለግኸውን በለኝ።»

ስክሪኑ ላይ መረቡ ሲመጣ ሳቁ ከፊቱ ረገፈ።

«ጀልባዋ የእኔ ናት?»

«ያንተ ናት።»

«ለሰው ሁሉ ልታሳዪው ነው?»

«አላውቅም። የጠራሁህም ለዚሁ ነው።»

«እህቴ ሆነሽ! እኔን!» ተነሥቶ የበሩን እጀታ ያዘ፤ ግን አልወጣም። ወደ ስክሪኑ ዞሮ፣ «እስቲ መልሺው» አላት።

መለሰችለት። ደግሞ አስደገማት። ዕድሜ ልኩን በላዩ የተመላለሰበትን ባሕር ከሥሩ አይቶት አያውቅም።

«ሣሩ ከመረቡ ጋር ሲወጣ አራግፌ እጥለዋለሁ» አለ በመጨረሻ። «ምን ቸገረኝ፣ ሣር አይደል እል ነበር። የሌሎችንም ጀልባ ቀርጸሻል?»

«አዎ።»

«የእነሱን ሸፍኚ። የእኔን እንዳለ ተዪው።»

«ጋሼ፣ ሰው ይቀየምሃል።»

«ይቀየም። የሰው ገመና ከምታወጪ የቤትሽን አውጪ።»

ፊልሙ በዓሣ አስጋሪዎች ማኅበር አዳራሽ ታየ። ጀልባዋ ብቅ ስትል ሁሉም አወቃት። አንዱ፣ «ወንድሟን ሸጠችው!» ብሎ ጮኸ።

ወንድሟ ከፊት ወንበር ተነሣ። «ማንም አልሸጠኝም። አሳዪው ያልኳት እኔ ነኝ። እናንተም ራሳችሁን ታውቃላችሁ።»

አንዳንዱ ረግሞ ወጣ፤ የሚበዛው ግን ቆይቶ ተከራከረ። ከብዙ ንትርክ በኋላ ሣር ባለበት የባሕር ክፍል መረብ እንዳይጎተት ማኅበሩ ወሰነ። ሁሉም አላከበረውም። የወንድሟ የልብ ጓደኛ ዛሬም ሰላም አይለውም። ወንድሟ አሁን ከሣሩ ራቅ ብሎ በመንጠቆ ያጠምዳል፤ ባዶ እጁን ሲመለስ እህቱ ላይ ይነጫነጫል። ፊልሙ በሌላ ከተማ ታይቶ ሰው ቆሞ ሲያጨበጭብላት፣ ወንድሟን እያሰበች፣ አንገቷን ደፍታ ጭብጨባው እስኪያበቃ ትጠብቃለች።