ሦስተኛው አልበም ላይ የጠፋው ትንፋሽ

ሦስተኛው አልበም ሲጀምር ሽ... የሚለው የቴፕ ድምፅ አልነበረም። ቤቨርሊ ይህን ልብ ያለችው አራተኛው ዘፈን ላይ ስትደርስ ነው። ያን ጊዜ ክሊፍተን ምስጋናዋን ተቀብሎ፣ ሻዩን ጨርሶ፣ ብስኩት እየገመጠ ነበር።

ልጇ ጀሮም ከሞተ ስድስት ዓመት ሆኖታል። በለንደን ክለቦች አሲድ ጃዝና ፈንክ የሚባሉ የዳንስ ሙዚቃዎችን ይጫወት የነበረው የክሊፍተን ባንድ ከበሮ መቺ ነበር። ክሊፍተን የስቱዲዮ ቴፖቹን ከእሷ ቤት ወስዶ፣ ምንም ድምፅ ሳይቀነስባቸው ኮምፒውተር ላይ ሊገለብጥላት ቃል ገባ። እውነትም በሁለቱ አልበሞች የጀሮም ወንበር ሲጥ ሲል፣ ከመምታቱ በፊትም አየር ሲስብ ሰምታ አልቅሳለች። እዚህኛው ላይ ግን ትንፋሽ የለም። የከበሮው የነሐስ ሳህኖችም እንደ ወረቀት ይንኮሻኮሻሉ።

ማዳመጫውን አወለቀች።

«ይሄ ከቴፑ የመጣ አይደለም።»

«ፋይሉን እዪዋ! ምንም ያልተቀነሰበት ይላል።»

«የሚለውን ተወው። ከኢንተርኔት የተጨመቀውን ቅጂ አውርደህ፣ የፋይሉን መጠን አስፍተህ ነው ያመጣህልኝ።»

ክሊፍተን ብስኩቱን አስቀመጠ። «ቤቭ፣ ያረጀ ቴፕ ይጣበቃል። ዝቅ ባለ ሙቀት ለሰዓታት ጋግረን ነው የምናጫውተው፤ ሁላችንም እንደዛ ነው የምናደርገው። ሁለቱ በደንብ ወጡ።»

«የት ጋገርከው?»

የብስኩቱን ፍርፋሪ ከጉልበቱ ላይ አራገፈ።

«የት?»

«ቤት፣ ኦቨን ውስጥ። ሚስቴ ሳታይ ለድንች ሙቀቱን ጨመረችው።»

«ልጄን ከድንች ጋር ጠበስከው!»

«ኧረ አታጋኚ! ዘፈኖቹ እንደሆነ አሉ።»

«ዓይንህን በጨው ታጥበህ ሻዬን ትጠጣለህ? ቴፑ የት ነው?»

«መኪና ውስጥ። ልጥለው ነበር። አንዴ ካዞርሽው ይበጣጠሳል እኮ፣ ምን ያደርግልሻል?»

«ሬሳም ቢሆን የኔ ነው። ተነስ፣ አምጣ!»

በዝናቡ በሸሚዙ ሮጦ ሄዶ ተመለሰ። ደፉ ላይ እንደቆመ ሳጥኑን ከእጁ ነጠቀችው። የተቃጠለ ፕላስቲክ ይሸታል። ጥቅልሉ ዳር ዳሩን ተኮማትሯል፤ መሃሉ ግን ገና ያብረቀርቃል። የሚያድነው ባለሙያ ይኖር ይሆን? አይኖርም ብላ አሰበች፤ ግን ደረቷ ላይ አጥብቃ ያዘችው።

«ቤቭ፣ ጃኬቴ እኮ ውስጥ ቀረ። ስልኬም ኪሱ ውስጥ ነው።»

«ዛሬ ከዚህ ቤት ምንም ነገር ይዘህ አትወጣም።»

በሩን ፊቱ ላይ ዘጋችና ቁልፉን ሁለቴ አዞረችው።