የቀረችው ፍሬ

ታመነ ሲፈጥረው ጸሐፊ ነው። ስም ሲጽፍ ታዲያ ጮክ ብሎ ካልጠራ እጁ አይታዘዘውም። የሰቃ ገበሬዎች "የታመነ እስክሪብቶ አፍ አላት" እያሉ ሲስቁበት ኖረዋል። በዚያ የኅዳር ጠዋት ግን ማንም አልሳቀም።

የቡና ገበሬዎቹ ማኅበር ሊቀመንበር ሊመርጥ ተሰብስቧል። ነባሩ ሊቀመንበር ሀብተጊዮርጊስ ወንበሯ ላይ ከተቀመጠ ስምንት ዓመቱ ነው፤ ሚዛኑ ወደ ወዳጆቹ ያዘነብላል እየተባለ ይታማል። ተፎካካሪው ጠሃ እንደ ማንኛቸውም ገበሬ ነው፣ ምላሱ ብቻ ትንሽ ሰላ ያለች። ሌላ ጊዜ ቢሆን እጅ ይወጣል፣ ይጨበጨባል፣ ያልቃል። የማኅበሩ ጸሐፊ ታመነ ግን በቤተ ክርስቲያኑ ሽማግሌ የሚመረጠው በምስጢር ነውና፣ እዚህም እንደዚያ ይሁን ብሎ ሁለት ሳምንት ሙሉ ወተወተ።

"ፊደል ያልቆጠረውስ?" ሲሉት ዘዴ አመጣ። ለእያንዳንዱ አባል አንድ ቀይ እሸት ቡናና አንድ ጀንፈል፣ ከነገለባው የደረቀ ፍሬ፣ ይሰጠዋል። እሸቷ ለጠሃ፣ ጀንፈሏ ለሀብተጊዮርጊስ። አባሉ ከጆንያ መጋረጃ ጀርባ ይገባና የወደዳትን እዚያ በተቀመጠ እንስራ ውስጥ ይጥላል።

"ከእናንተና ከፈጣሪ በቀር ማንም አያውቅም" እያለ ቤት ለቤት ዞረ። ጴንጤ አይምልም ሲል የኖረው ሰውዬ፣ ዙቤይዳ አባ ቡልጉ ደጅ ሲደርስ ሦስት ጊዜ ማለ። ዙቤይዳ ባሏ የሞተባት ሴት ናት፤ አራት ልጆቿን የምታሳድገው በማኅበሩ መፈልፈያ ቡና እየለቀመች ነው። ሀብተጊዮርጊስ ጠሃን መምረጧን ካወቀባት በማግስቱ ከበር ይመልሳታል።

ታመነ ሁሉን አሰበ፣ አንዲት ነገር ግን ረሳ። ሁለት ፍሬ ይዞ የገባ ሰው አንዷን ጥሎ ሲወጣ፣ ሌላዋ እጁ ላይ ትቀራለች።

ምርጫውን ሊታዘብ ከበላይ የተላከው ካድሬ ኤልያስ ግን ወዲያው ነቃ። የመጀመሪያው መራጭ ከመጋረጃው ሲወጣ ፈገግ ብሎ እጁን ጨበጠው፤ ከዚያም መዳፉን ገለጥ አድርጎ አየ። እሸት፤ የጣላት ጀንፈሏን ነው ማለት ነው።

"ጎበዝ" አለው። ወደ ታመነም ዞረ። "ጀንፈል ተርፎት የሚወጣውን ሁሉ ስሙን ጻፍልኝ።"

ነገሩ ለታመነ ያን ጊዜ ገባው። በራሱ አፍ ምሎ፣ በራሱ እጅ ሊያስበላቸው ነው።

ሁለተኛዋ ዙቤይዳ ነበረች። እጇን ጨብጣ ወጣች።

"እጅሽን" አላት ኤልያስ።

መጀመሪያ ታመነን አየችው። ከዚያ ጭብጧን ፈታች። ጀንፈሏ መዳፏ መሃል ቁጭ ብላለች።

"ጻፍ እንጂ!" አለው ኤልያስ ታመነን።

እጁ ታዘዘ። የተረገመ አፉም ተከተለው። "ዙቤይዳ... አባ... ቡልጉ።" ሜዳው ሙሉ ሰማ። ታመነ በዚያች ሰዓት ምላሱን ቆርጦ ቢጥላት ደስ ባለው። የሚቀጥሉትን ሁለት ሰዎች ከንፈሩን ነክሶ በዝምታ ጻፋቸው፤ ለካስ ይቻል ኖሯል።

አምስተኛዋ ሰማንያ ዓመት የሞላቸው እማማ ሀጂራ ናቸው። እያላመጡ ወጡ።

"እማማ፣ እጅዎን ያሳዩኝ።"

ሁለቱንም ዘረጉለት። ባዶ።

"የተረፈችዎት ፍሬ የታለች?"

"ናን ኛዼ!" አሉ በኦሮምኛ፤ ለእንግዳው ደግሞ በአማርኛ ደገሙለት። "በላኋታ! ወላሂ፣ እኛ አገር ቡና ይበላል ልጄ። ትቆጣለህ እንዴ?"

ሳቁ ሜዳውን ናጠው። ከዚያ በኋላ የወጣው ሁሉ እያላመጠ ወጣ፤ እሸት የተረፈው እየመጠጠ፣ ጀንፈል የተረፈው ጥርሱን እያመመው። ታመነ በደስታ ሊያለቅስ ምንም አልቀረው።

እንስራው ሲገለበጥ እሸት ስልሳ አንድ፣ ጀንፈል ሠላሳ ስድስት ሆነ። ጭብጨባው ሳይጀመር ኤልያስ ተነሳ። አልተቆጣም፤ የሚያስፈራውም አለመቆጣቱ ነበር።

"ድምፅ የሚሰጠው ሰው ነው፣ ቡና አይደለም። እንዲህ ያለ አሠራር መመሪያው ላይ የለም። በግልጽ እንድገመው። አቶ ሀብተጊዮርጊስን የሚደግፍ እጁን ያውጣ።"

ይህን ሲል ዓይኑ የታመነ ወረቀት ላይ ነበር። የዙቤይዳ እጅ ቀድማ ወጣች። ሌሎቹም አንድ በአንድ ተከተሏት። እማማ ሀጂራ እያላመጡ አወጡ። በመጨረሻ ጠሃ ራሱ፣ መሬት መሬቱን እያየ፣ በራሱ ላይ እጁን አነሳ።

"በሙሉ ድምፅ" አለ ኤልያስ። "ቃለ ጉባኤው ላይ ይስፈር። ዝርዝሩንም ወዲህ በል።"

ታመነ ሦስቱ ስሞች ያሉበትን ወረቀት ከደብተሩ ገነጠለ። ወደ ኤልያስ ዘረጋ ሲያደርግ፣ እጁ ከመንገድ ተመለሰና አፉ ውስጥ ገባ። ላመጠው። ቀለሙ እንደ እሬት መረረው። በዚያች ሰዓት ጸሐፊነቱ ማብቃቱን ያውቃል፤ ጉዳዩም አልነበረም።

ኤልያስ እስኪውጥ ድረስ ታግሶ ጠበቀው።

"እሺ፣ ወረቀቱን በላህ። ዙቤይዳ አባ ቡልጉን ግን ሁላችንም ሰምተናል" አለና ወደ ሀብተጊዮርጊስ ዘወር አለ። ሀብተጊዮርጊስ በአዎንታ ራሱን ነቀነቀ።

ሰዉ ተበተነ። ዙቤይዳ ወደ ታመነ መጣች። ይቅር በዪኝ ሊላት ፈልጎ አፉ እንቢ አለው። መዳፉን ይዛ ከፈተችና ጀንፈሏን አስቀመጠችበት፤ ጣቶቹንም አንድ በአንድ አጠፈቻቸው።

"አንተ ደብቃት" አለችው።

ከዚያም ወደ መፈልፈያው የሚወስደውን መንገድ ትታ ወደ ቤቷ ሄደች።