ልጄ አይጦረኝም

ጥሩብርሃን ልጇን የካደችው ከሁለት ዓመት በፊት ነው። ያኔ ግን ክህደት አልመሰላትም፤ ማዳን ነው የመሰላት። የብሔራዊ ውትድርና ምዝገባ ኮልፌ ሲደርስ ወንድይፍራውን ድሬዳዋ አጎቱ ዘንድ ሸኘችና ቀበሌ ሄዳ፣ «ጥሎኝ ጠፍቷል፤ የት እንዳለ አላውቅም፤ አይጦረኝምም» ብላ አሻራዋን አኖረች። ጎረቤቷ ዘይነባ መሰከረችላት። በሳምንቱ ዘይነባም ስለ ልጇ እንዲሁ አለች፣ ጥሩብርሃን በተራዋ መሰከረች። የዘይነባ ልጅ እስከ ዛሬ ወሊሶ ተደብቆ አለ። ከመንደሩ እናት ግማሿ ልጇን ያቆየችው እንዲህ ነው።

ወንድይፍራው ድሬዳዋ ባቡር ላይ ሥራ አገኘ። አንድ ቀን ፉርጎ ከፉርጎ ሲያያይዝ መሃል ላይ ቀረ። እዚያው ቀበሩት፤ ለእናቱ የደረሳት መርዶው ብቻ ነው።

አርባው ካለፈ በኋላ የካሳ ነገር ተነሣ። «ሚስት ስለሌለው ለሚጦራቸው ነው የሚሰጠው። ይጦርዎት እንደነበር ከቀበሌዎ ያጽፉ» አሏት የባቡር ድርጅቱ ሰዎች።

በማለዳ ቀበሌ ሄዳ ተሰለፈች። ነፋሱ ከቆሼ ቆሻሻ መጣያ በኩል ስለነበር ሰልፈኛው አፍንጫውን በነጠላ ይዟል። «ቆይ ቢሮው ይከፈት፣ ይሄኛው ሽታ ይናፍቀናል» አለች አንዷ፤ ሰው አፉን ሸፍኖ ሳቀ። ጥሩብርሃን አልሳቀችም።

ሊቀ መንበሩ ጓድ ፈቀደ ክፉ ሰው አልነበረም። ማኅደሯን አውርዶ አነበበ። ከዚያ አዞረላት። ማንበብ ባትችልም የአውራ ጣቷን ቀለም አወቀችው።

«እትዬ ጥሩብርሃን፣ አይጦረኝም ብለዋል እኮ።»

«ይጦረኝ ነበር! በየወሩ በባቡር ሰዎች እጅ ይልክልኝ ነበር። ጣሪያዬን ማን ያለበሰው ይመስልሃል? ውጣና ቆርቆሮውን እየው!»

«ቆርቆሮ አይመሰክርም።»

«አንተ ትመሰክራለሃ! ሲመታ መጥተህ ከየት አመጡት ብለኸኝ የለ?»

«ዕቁብ ደረሰኝ አሉኝ።»

ብላ ነበር።

ፈቀደ በሩን መለስ አድርጎ ድምፁን ዝቅ አደረገ። «ዋሽቼ ነው ካሉ እጽፍልዎታለሁ። ግን ጉዳዩ ወደ በላይ ይሄዳል። ማን መሰከረልሽ ይላሉ። አንቺስ ለማን መሰከርሽ ይላሉ። እኔ አልጠይቅዎትም፤ እነሱ ግን ይጠይቃሉ።»

የዘይነባ ልጅ ፊቷ ላይ ድቅን አለባት። ገና ሃያ ዓመቱ ነው፤ ጢሙ እንኳ በወጉ አልወጣም።

«አለዚያ» አለ ፈቀደ፣ ቀለሙን ወደ እሷ እያስጠጋ፣ «ተጧሪው አልነበርኩም፣ አቤቱታዬን ትቻለሁ ብለው ጣትዎን ያኑሩ። ነገሩ እዚሁ ይብቃ።»

«በሕይወት እንዲኖርልኝ ብዬ ካድሁት» አለች። «አሁን ከምን ላተርፈው ነው ደግሞ የምክደው?»

ጣቷን በነጠላዋ ጠቅልላ ወጣች። ከእንግዲህ ካሳ የሚባል ነገር እንደሌለ ታውቃለች።

ሰፈር ስትደርስ ዘይነባ ደጇ ላይ ቆማ ጠበቀቻት። «እህ ጥሩዬ፣ ጻፉልሽ?»

«ማኅደሩ ጠፋ አሉኝ።»

የዘይነባ ፊት በራ። «ጠፋ? እሰይ! ያ ውሸታችን አብሮ ጠፋልና! ነገ አብሬሽ እሄዳለሁ። ወንድዬ እንዴት ይጦርሽ እንደነበር ከኔ በላይ ማን ያውቃል? ወላሂ እምላለሁ!»

«አትሄጂም።»

«ለምን?»

«አትሄጂም አልኩሽ! ልጁ የኔ ነው፤ ምን አገባሽ?»

ዘይነባ እንደተመታ ሰው ወደ ኋላ አለች። አሥራ ስድስት ዓመት ሲጎራበቱ እንዲህ ተባብለው አያውቁም። «እኔ እኮ ላንቺው ብዬ ነው» አለችና ዓይኗን በሻሿ ጫፍ ጠርጋ ገባች።

ጥሩብርሃንም ገብታ በሯን ዘጋች። የሁለቱን ቤት የሚለየው ስስ የጭቃ ግድግዳ ነው፤ ቢያስነጥሱ እንኳ ይሰማል። ነጠላዋን አፏ ውስጥ ወትፋ አለቀሰች።

ጥቂት ቆይቶ ከግድግዳው ማዶ ያኮረፈ የዘይነባ ድምፅ መጣ። «ምሳ በልተሻል?»

ነጠላውን ከአፏ አወጣች።

«በልቻለሁ» አለች።