ለቡድሃ ያወለቅኩት ጫማ

ስለ አንድ ፓርኪንግ መጽሐፍ ጻፍ ብባል እጽፋለሁ። የፍቅረኛዬ የሐምራዊት ቤተ ክርስቲያን ፓርኪንግ ነው። ሁለት ዓመት ሙሉ እሁድ እሁድ በማለዳ አትላንታ አጠገብ ዲኬተር ካለው አፓርታማዋ አንስቼ አደርሳታለሁ፤ እሷ ነጠላዋን አስተካክላ ትገባለች፣ እኔ የመኪናዬን ወንበር ወደ ኋላ አስተኝቼ ቅዳሴው እስኪያልቅ እጠብቃታለሁ። የትኛው ዛፍ በየትኛው ሰዓት ጥላ እንደሚጥል፣ የትኛው ሰውዬ መኪናውን ሁለት ቦታ ላይ እንደሚያቆም፣ ሁሉን አውቃለሁ። የእኛ ቸርች አዳራሽ የሚከራየው ከአሜሪካኖች ስለሆነ ፕሮግራማችን ከሰዓት በኋላ ነው፤ ጠዋት ሥራ የለኝም። ቢሆንም «ፍቅር ማለት ይሄ ነው» እያልኩ በራሴ እኮራ ነበር። ከመኪናው መውረድ የሚባል ነገር እንዳለ አንድም ቀን ትዝ ብሎኝ አያውቅም።

ስሜ ኤልቃና ነው። ስሜን የሰማ አበሻ ሃይማኖቴን አይጠይቀኝም። እናቴ ሎረንስቪል ባለው ቸርቻችን የጸሎት ቡድን መሪ ናት፤ ስትጸልይ ጎረቤት ይሰማል። ሐምራዊት ደግሞ ማተቧ ከአንገቷ ተለይቷት አያውቅም። ቀጭን ጥቁር ክር ነው። እናቴ ጋ ስንሄድ ብቻ፣ በሩ ላይ ስንደርስ፣ ሳታወራ ከልብሷ ሥር ታስገባዋለች።

መጋባት ሁለታችንም እንፈልጋለን። የሷ አጎት «መጀመሪያ ይጠመቅ» ብለዋል። እናቴ «ልጅቷ ወርቅ ናት» ትላለች፤ ትንሽ ቆይታ ግን «ያንን ክር መቼ ነው የምትበጥሰው?» ትለኛለች። እኔ ለሁለቱም ወገን «እየተነጋገርንበት ነው» እላለሁ። አልተነጋገርንበትም። ነገሩ በተነሳ ቁጥር እኔ ቀልድ እጀምራለሁ፣ ሐምራዊት በመስኮት ወደ ውጭ ታያለች።

ጃፓን እንሂድ የሚለውን ሐሳብ ያመጣሁት እኔ ነኝ። የምሠራው አየር ማረፊያ ነው፣ ሻንጣ ጫኝ ነኝ፤ ወገቤን ወስደው በምትኩ ነፃ ትኬት ሰጥተውኛል። ነፃ ይባል እንጂ ስታንድባይ ነው። ወንበር ከተረፈ ትሄዳለህ፣ ካልተረፈ በሩ ላይ ቆመህ የሚሄደውን ሰው ታያለህ። ያም ሆኖ ሐሳቤ ብሩህ መሰለኝ። የኔ ፓስተርም የሷ የንስሐ አባትም የማይደርሱበት አገር ወስጄያት፣ እዚያ በሰላም ቀን እንቆርጣለን።

ቶኪዮ ላይ ያለን አንድ ሙሉ ቀን ብቻ ስለነበር በስልኬ የአንድ ቀን ጉብኝት ያዝኩ። ካማኩራ ወደምትባል ጥንታዊ ከተማ፣ ከአስጎብኚ ጋር። የመረጥኩት ፎቶው ላይ ባሕር ስላየሁ ነው። ከባሕሩ ሥር የተጻፈውን አላነበብኩም። ጠዋት ከባቡር ስንወርድ አስጎብኚያችን ወይዘሮ ሞሪ፣ ቢጫ ባንዲራ የያዘች ትንሽዬ ሴትዮ፣ የቀኑን ፕሮግራም በእንግሊዝኛ ነገረችን፦ ቤተ መቅደስ፣ ቤተ መቅደስ፣ ግዙፉ የነሐስ ቡድሃ፣ ምሳ፣ ቤተ መቅደስ። ባሕሩን ከባቡር መስኮት እናየዋለን አለች።

ሐምራዊት ቀስ ብላ ወደኔ ዞረች። «ኤልቃና፣ ሲሪየስሊ? አንተ ጴንጤው ነህ እኔን ለጣዖት ልታሰግደኝ ያመጣኸኝ?»

«ባሕር ነበረው» አልኳት።

የመጀመሪያው ትልቅ ቀይ በር ያለው ነበር። ወይዘሮ ሞሪ እዚህ ጋ እጃችንን እንታጠባለን፣ ከዚያ ውስጥ ሁለቴ ጎንበስ እንላለን፣ ሁለቴ እናጨበጭባለን ብላ ስታሳይ፣ ከኛ ጋር የነበሩት አውስትራሊያዊ ባልና ሚስት እንደ ጎበዝ ተማሪ ተከተሏት። እኔ አንድ እርምጃ ወደ ኋላ አልኩ። ወደ ጎን ሳይ ሐምራዊትም ወደ ኋላ ብላለች። «እኛ እዚህ እንጠብቃለን» አልናት፣ ሁለታችንም እኩል። በሃይማኖት ጉዳይ ስንስማማ ይሄ የመጀመሪያችን ነበር።

ዛፍ ሥር ተቀምጠን በባሕር አረም የተጠቀለለ ሩዝ በላን። ሐምራዊት እንባዋ እስኪወርድ ሳቀች። ከአትላንታ ድረስ አሥራ ምናምን ሰዓት በርሮ መጥቶ በር ላይ የሚቀመጥ ቱሪስት አይታ እንደማታውቅ ነገረችኝ። «አየሽ፣ አንድ ሃይማኖት ነን። ‹አንገባም› የሚባል» አልኳት። ትከሻዬን ገፋችኝ። በሕይወቴ እንደዚያ ቀን ጠዋት ደስ ብሎኝ አያውቅም። የሠርጉን ቀን እዚያው ልጠይቃት አፌን ከፍቼ ነበር፤ ሩዙ አነቀኝ።

ወይዘሮ ሞሪ አልተቀየመችንም። እንዲያውም መንገድ ላይ ስለ ራሷ አጫወተችን። ልጇ ሲወለድ ያንን ቀይ በር ወዳለው ቦታ ወስዳዋለች፣ እናቷን የቀበረችው በቡድሃ ሥርዓት ነው፣ ራሷ ያገባችው ግን ነጭ ቬሎ ለብሳ ቤተ ክርስቲያን የመሰለ አዳራሽ ውስጥ ነው። ክርስቲያን ነሽ ወይ ብላት «አይደለሁም፤ ቀሚሱ ያምር ነበር» አለች። ሐምራዊት በጆሮዬ «እናትህ ይሄን ቢሰሙ ጾም ጸሎት ያውጁላታል» አለችኝ። የነሐሱን ቡድሃም እጅ ለእጅ ተያይዘን ከሩቅ አየነው።

ከምሳ በኋላ ዝናብ ጣለ። የመጨረሻው ቦታ አሮጌ የእንጨት አዳራሽ ነበር፤ ውስጡ ወርቃማ ቡድሃ ተቀምጧል፣ ከጓሮው በኩል ሻይ ይቀርባል። እኔ በርዶኝ ነበር። ሻይ የሚለውን ቃል ስሰማ ጠዋት የነበረኝ እምነት ላላ። ወይዘሮ ሞሪ ደረጃው ላይ ጫማችንን አውልቀን፣ ፊቱን ወደ ውጭ አዙረን እንድንደረድር ነገረችን፤ ስንወጣ እንዳንቸገር ነው። አወለቅኩ። አውራ ጣቴ በካልሲዬ ቀዳዳ ብቅ አለ። ጫማዬን እንዳለችው አዞርኩ፤ እሷን ለማስደሰት ብዬ የአውስትራሊያዊውንም አዞርኩለት። ከዚያ ጎንበስ ብዬ ገባሁ።

ውስጥ አንድ መነኩሴ ደወል መታ። ዕጣን ይሸታል። ዞር ስል ሐምራዊት ጃንጥላዋን ይዛ ዝናቡ ውስጥ ቆማለች። እኔ ደግሞ ቀልደኛ ነኝ።

«ነይ እንጂ!» አልኳት። «ጫማ ማውለቁ፣ ዕጣኑ፣ ደወሉ፣ እናንተ ጋ ያለው ሁሉ አለ። ቤትሽ በይው!»

ብቻዬን ሳቅኩ። እሷ ዐይኗን ከእግሬ ላይ አላነሳችም። ቀዳዳውን የምታይ መስሎኝ ጣቴን አጠፍኩ።

«ጫማህን አወለቅህ» አለች።

«እ... ደንባቸው ነው።»

«ሰዎቹን አክብረህ ነው፣ አይደል?»

«አዎ እንጂ።»

«ጥሩ ነው» አለች ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ። «ለማታውቀው ቡድሃ በአንድ ቃል አወለቅህ። እኔ ጋ ሁለት ዓመት ሙሉ ከመኪናህ እንኳ አልወረድክም።»

እሷ ዞራ ወደ ግቢው በር ሄደች፣ እኔ ካልሲዬን እያየሁ ቀረሁ። ወዲያው ተከትያት ወጣሁ ብል ደስ ባለኝ ነበር። ወይዘሮ ሞሪ ሻይ ሰጠችኝ፣ ጠጣሁት። መራራ ነበር። ስትደግመኝም ተቀበልኩ፤ ወጥቼ ምን እንደምላት አላውቅም ነበርና።

በማግስቱ ለአትላንታው በረራ አንድ ወንበር ብቻ ተረፈ። «አንቺ ሂጂ» አልኳት። እንድትከራከረኝ ፈልጌ ነበር። አልተከራከረችኝም። እኔ አየር ማረፊያው ወለል ላይ ሻንጣዬን ተንተርሼ አደርኩ። አትላንታ ስደርስ የጠበቀኝ መልእክት «ደርሻለሁ» የሚል ብቻ ነበር፤ ቆየት ብሎ ደግሞ «እሁድ በራሴ መኪና ነው የምሄደው» የሚል መጣ። ሳምንቱን ሙሉ የሰው ሻንጣ ወረወርኩ። ፈርቼ ነበር። በክር ምክንያት አጣታለሁ ብዬ ስፈራ የኖርኩትን ሴት፣ ከመኪና ባለመውረድ ላጣት ነው።

እሁድ ጠዋት ማንንም ሳላደርስ ብቻዬን ነዳሁ። የለመድኩት ዛፍ ሥር ፓርክ አደረግኩ። እጄ ከልምድ የተነሳ ወንበሩን ሊያስተኛ ሄደ፤ ከለከልኩት። ወረድኩ። በሩ ጋ ስደርስ ጫማዬን አወለቅኩ። ካልሲዬ አዲስ ነው፣ ለዚሁ ብዬ የገዛሁት፤ የዋጋ መለያው የታሰረበት ፕላስቲክ ከተረከዙ ላይ እንዳልተነሳ ያወቅኩት ግን ምንጣፉ ላይ ስሄድ ሲወጋኝ ነው። የገባሁት በሴቶች በኩል ነበር። አንዲት እናት እጄን ያዝ አድርገው «ልጄ፣ የወንዶቹ በዚያ ነው» አሉኝ። «ይቅርታ እማማ፣ አላወቅኩም» አልኳቸውና በዚያ ሁሉ ነጭ ነጠላ ፊት፣ በጂንስ ጃኬቴ፣ እያነከስኩ ተሻገርኩ።

ሰዉ ሲሰግድ እኔ ቆሜ ነበር፤ እኔ ጎንበስ ስል ሰዉ ቀና ይላል። መልአክ አልታየኝም፣ ሃይማኖቴንም አልቀየርኩም። እግሬ ደነዘዘ። ግን አንድ ነገር አስደነገጠኝ፤ ዜማውን አውቀዋለሁ። ሁለት ዓመት በመኪና መስታወት በኩል ሲገባ የኖረው ድምፅ ነው። የቱ ጋ እንደሚነሳና የቱ ጋ እንደሚወርድ ሁሉ አውቃለሁ። በልቤ፣ በለመድኩት በራሴ መንገድ፣ እሷን እንዳላጣት ጸለይኩ።

ቅዳሴው አልቆ ስወጣ ሐምራዊት ጫማው ሁሉ ተዘበራርቆ የተከመረበት ቦታ ቆማለች። አንድ ጥንድ ጫማ ብቻ ፊቱ ወደ ውጭ ዞሮ፣ ተስተካክሎ ተቀምጧል። ሳላውቀው የወይዘሮ ሞሪን ትምህርት ተግብሬያለሁ። ሐምራዊት የምታየው ያንን ጫማ ነው።

«እንዲህ ያዞርከው ቶሎ ለመሸሽ ነው?» አለችኝ ቀና ሳትል።

«ሞሪ ናት ያስተማረችኝ።»

ሳቅ ልትል ነበር፣ ያዘችው። ጫማዬን እስካጠልቅ ጠበቀችኝ። አብረን ወደ ፓርኪንጉ ወጣን፤ ሁለቱ መኪኖቻችን ተራርቀው ቆመዋል።

«ከሰዓት ፕሮግራም አላችሁ፣ አይደል?» አለች።

«አዎ።»

«እናትህም ይኖራሉ?»

«ፊት ለፊት፣ የመጀመሪያው ወንበር ላይ።»

ቆመች። እጇ ወደ አንገቷ ሄዶ ክሩን ያዘ። «አንተ እኔ ጋ ጫማህን አውልቀህ ገባህ። እኔስ እናንተ ጋ ስገባ የማወልቀው ምንድን ነው?»

አፌ ላይ ሦስት ቀልድ መጥቶ ነበር። እግዚአብሔር ይመስገን፣ ሦስቱንም ዋጥኳቸው።

«ምንም» አልኳት። «ለእማዬ የምነግራት እኔ ነኝ። ዛሬ። አንቺ ከመግባትሽ በፊት።»

ፊቴን ትኩር ብላ አየችው። ሁለት ዓመት ሙሉ ‹እየተነጋገርንበት ነው› ሲል የኖረ ፊት ነው፤ አልፈርድባትም። ከዚያ ነጠላዋን አጣጥፋ ክንዷ ላይ አደረገች፣ የራሷን መኪና አልፋ ወደኔ መኪና መጣችና ገባች። ሎረንስቪል ደርሰን አዳራሹ በር ላይ ስንቆም፣ ክሩን ወደ ልብሷ ሥር አላስገባችውም።