መታጠፊያው ላይ የሚይዘው ዚፕ

ባሌ ዚፕ ፋብሪካ ውስጥ ማሽን ላይ ይሠራል፤ እኔ ቦርሳ ሰፊ ነኝ። አንድ ቀን ፊቱ በርቶ ገባ።

"ከውጭ በሚገባ ዚፕ ላይ ቀረጡ ሦስት እጥፍ ሆነ! ከእንግዲህ ማን ይነካናል!"

ፋብሪካው ለደስታው ሠራተኛውን ሁሉ ጃኬት አልብሶታል፤ ዚፑ የራሳቸው ምርት ነው። ባሌ እሱን ለብሶ፣ ደረቱን ነፍቶ እንደ ሙሽራ ክፍሉን ዞረበት። እኔም ደስ አለኝ፤ የሱ ደሞዝ የኔም አይደል?

ደስታዬ ግን አልቆየም። እትዬ የምንላት አሠሪያችን የውጭው ዚፕ ስለተወደደባት የነባሌን ገዝታ መጣች። የምንሰፋውን ቦርሳ የሚወስደው ባሕር ማዶ ያለ አንድ ደንበኛ ነው። እሱም ናሙናውን መለሰው፤ "ዚፑ መታጠፊያው ላይ ይይዛል፣ ካልተስተካከለ በቃን" አለ።

"እሱ ከሄደ በሬን መዝጋቴ ነው" አለችን እትዬ።

እኔ ደግሞ ነገር ካልፈለፈልኩ አይሆንልኝም። ቦርሳውን ቤት ወስጄ ጠረጴዛው ላይ ዘረጋሁት። ቀጥ ባለው በኩል ሽር ይላል፤ መታጠፊያው ላይ ሲደርስ ንቅንቅ የለም። ለምን? ጥርሱን በመርፌ ጫፍ አንድ በአንድ ነካካሁት። ባሌም አላስቻለውም፤ ጭንቅላቱን ከጭንቅላቴ አጋጭቶ ያይ ጀመር።

"አየሽ፣ ይቺ ጥርስ ከጎረቤቷ ትሰፋለች። የሚቀርጻት ብረት ተበልቷል።"

"ታዲያ ለምን አትቀይሩትም?"

"ምን አስጨነቀን? ቀረጡ እያለ ሌላ ከየት ይገዛሉ?" ብሎ ሳቀ።

ሳቁን ግን አልጨረሰውም። ቦርሳውን አየ፣ እኔን አየኝ። ገዢዎቹ እኛ መሆናችን ያን ጊዜ የገባው መሰለኝ።

በማግስቱ ቦርሳውን አንጠልጥሎ አለቃው ዘንድ ሄደ። አለቃው ቀና ብሎም አላየው። "ሌላ ከየት ይገዛሉ?" አለው።

ደንበኛው ሌላ አገር ሄዶ አሰፋ። እትዬ ዘጋች፤ ሌሎቹም ቦርሳ ቤቶች ተራ በተራ ተከተሏት። እኔ ቤት ዋልኩ። የነባሌ የዚፕ ካርቶን መጋዘን ውስጥ ሲከመር ሰነበተና፣ አንድ ቀን እሱም በጠራራ ፀሐይ ቤት ገባ።

"ለካ ትልቁ ገዢያችን እናንተ ነበራችሁ" አለ። "ግማሻችንን አሰናበቱን።"

ወንበሩ ላይ እጥፍ ብሎ ተቀመጠና ጃኬቱን ሊያወልቅ ዚፑን ሳበ። ሆዱ ላይ ያዘው። ወደ ላይ፣ ወደ ታች፤ እምቢ። ያ "ሌላ ከየት ይገዛሉ?" ያለው ቃሉ ምላሴ ጫፍ ደርሶ ነበር፤ አንጀቴን በላውና ዋጥኩት። ጎንበስ ብዬ አየሁለት፤ ያችው ጥርስ ናት።

"ስለታጠፍክ ነው፣ ቀና በል" አልኩት።

ቀና አላለም።

"መቀስ አምጪ" አለኝ።