ዋጋዬ በሰንበት ጫማዋ ለመንግሥት ስትከፍል

«ዘመዴ አይደለችም በይ ትለኛለህ? መንግሥት ፊት?»

«እማ፣ ፊት የሚባል ነገር የለም። ስልክ ነው።»

«ስልክ ከሆነ ጫማሽን አድርጊ ያልከኝ ለምንድን ነው?»

እውነቷን ነው። ኦፊር ከሩብ ሰዓት በፊት «በካሜራው ያዩሻል፣ በነጠላ ጫማ እንዳትቀርቢ» ብሎ የገዛ እናቱን አታሏት፣ ዋጋዬ የሰንበት ጫማዋን ተጫምታ፣ ሻሿን አስተካክላ፣ እስራኤል አገር፣ ክፋር ማርሞሬክ ሰፈር ባለው የራሷ ቤት፣ የራሷ ጠረጴዛ ላይ፣ ቢሮ እንደገባ ሰው ቦርሳዋን ጉልበቷ ላይ አድርጋ ተቀምጣለች። ስልኩ ሲበራ ደግሞ «ጤና ይስጥልኝ» ብላዋለች። ኦፊር ሳቁን ለመደበቅ ፍሪጁን ከፍቶ ጭንቅላቱን ከወተቱ ጋር ከተተ። ሃያ ዘጠኝ ዓመት የሞላው ሰውዬ እኮ ነው!

ነገሩ እንዲህ ነው። ዋጋዬ ሠላሳ ዓመት ሙሉ የሰው ደረጃ ስትወለውል ኖራ፣ አምና የራሷን ሥራ ከፈተች። ሻዓራይም ሦስት ሕንፃ፣ ቤኤር ያዕቆብ ሁለት ሕንፃ ታጸዳለች። አንድ ሠራተኛ አላት፣ ደስታዬ። ደስታዬ አሁን የስምንት ወር ሆዷን ታቅፋ ከጎናቸው ተቀምጣ የሱፍ ፍሬ ትፈለፍላለች።

አሠሪ የሆነ ሰው በየወሩ ለሠራተኛው ለቢቱዋህ ሌኡሚ፣ ማለት ለመንግሥቱ ኢንሹራንስ፣ መክፈል አለበት። ዋጋዬ እስከዛሬ ፖስታ ቤት ተሰልፋ ነበር የምትከፍለው። ማህተሙ ቷ! ሲል ካልሰማች ከመስኮቱ ንቅንቅ አትልም፤ ማህተም ያረፈበትን ወረቀት ሁሉ በብስኩት ቆርቆሮ ታጠራቅማለች። ዛሬ ግን ወሩ በገባ አስራ አምስት ነው፣ የመክፈያው የመጨረሻ ቀን። ከሥራ ስትመጣ ፖስታ ቤቱ ተዘግቷል። ይቺ ልጅ ደግሞ ልትወልድ ነው። የወሊድ ገንዘቧ የሚመጣው አሠሪዋ ከከፈለችላት ነው። አንድ ወር ጎደለ ብለው ቢይዙባትስ?

ስለዚህ ኦፊር «በስልክ እንክፈል፣ ያላ፣ ቶሎ በይ» አለ። የዋጋዬን ስም አስገቡ፣ የደስታዬን መታወቂያ ቁጥር አስገቡ፣ ደሞዙን አስገቡ፣ ሁሉም ቤሰደር፣ ደህና ሆነ። ከዚያ ቅጹ አንድ ጥያቄ አመጣ፦ ሠራተኛዋ ዘመድሽ ናት?

«አዎ በል» አለች ዋጋዬ።

«አይደለችም!»

«እንዴት አይደለችም? ቁጠር! አንድ ፈረደ፣ ሁለት አየነው፣ ሦስት ጎሹ፣ አራት ዳኘው፣ አምስት ቸኮል፣ ስድስት ውብነህ። የእሷም ስድስተኛ ውብነህ ነው! ሰባት ቤት አልሞላንም፤ የማንጋባ ሥጋዎች ነን!»

ይቺን ቆጠራ ከስድስት ዓመት በፊትም እዚሁ ቤት፣ እዚሁ ወንበር ላይ ቆጥራታለች። ያኔም አንድ ስም አልሳተችም። ኦፊር ከአያቱ በላይ አንድም ስም አያውቅም፤ እናቱ ስትቆጥር ሁልጊዜ አፉ ይከፈታል። ያን ሁሉ ሙት የት አስቀምጣ ነው የምትይዘው?

«እማ፣ ስሚኝ» አለ ድምፁን ዝቅ አድርጎ። «ለእነሱ ዘመድ ማለት ባል ነው፣ ልጅ ነው፣ እህት ወንድም ነው። ውብነህን አያውቁትም። ዘመዴ ናት ካልሽ እናጣራ ይላሉ፣ ወረቀት አምጡ ይላሉ። እስኪያጣሩ ልጁ ትምህርት ቤት ይገባል።»

ለዋጋዬ ሥጋን መካድ ቀላል ነገር አይደለም። ግን ሌላም ነገር አለ። ኦፊርን የወለደች ጊዜ የወሊድ ገንዘቧን ልትጠይቅ ሄዳ፣ ሰማንያ አራተኛ ሆና ተሰልፋ፣ ተራዋ ሲደርስ ጸሐፊዋ ወረቀት አገላብጣ «አንቺ እዚህ የለሽም» አለቻት። የምትሠራለት ኮንትራክተር አንድ ሰባራ ሳንቲም አልከፈለላትም ነበር። ሁለት ዓመት የጠረገችው ደረጃ ሁሉ እንዳልተጠረገ። ሕፃኑን በጀርባዋ እንዳዘለች ወደ ቤቷ በእግሯ ተመለሰች።

የደስታዬን ሆድ አየች።

«እግዚአብሔር ይቅር ይበለኝ» አለችና «አይደለችም» የሚለውን በገዛ አውራ ጣቷ ተጫነች።

«አሁን ይሄን አረንጓዴውን።»

ተጫነች። አንዲት ክብ ነገር ዞረች፣ ዞረች፣ ቆመች። ከዚያ ጽሑፍ መጣ። ኦፊር አነበበላት፦ «ማአሲካ ዋጋዬ ፈረደ፣ ክፍያሽ ደርሶናል።»

«ምን አለኝ?»

«ማአሲካ። አሠሪ።»

ሠላሳ ዓመት ወረቀቱ ሁሉ ሠራተኛ ነበር የሚላት፤ እሱም ስሟን ሲያውቅ ነው።

«የት ደረሰ አሁን ገንዘቡ?»

«ኢየሩሳሌም በይው።»

«አሁን?»

«አሁን።»

ዋጋዬ በመስኮቱ ወደ ተራራው በኩል አየች። ኢየሩሳሌም ለመድረስ አውቶቡሱ ከነመጨናነቁ ሁለት ሰዓት ይፈጃል። ከአዲስ አበባ ወደዚህ አገር በአንድ ሌሊት፣ ወንበሩ ተነቅሎ ወለሉ ላይ ተደራርበው በአውሮፕላን ሲመጡ እንኳን እንዲህ አልገረማትም። አውሮፕላኑ ይጮኻል፣ ይንቀጠቀጣል፣ መሄዱን ታውቂዋለሽ። ይሄ ድምፅ የለው፣ ኮቴ የለው! ሰልፍ የለ፣ የተራ ቁጥር የለ፣ ቀና ብላ የማታይሽ ጸሐፊ የለች። አውራ ጣቷን አገላብጣ አየችው። በረኪና የላጠው ያው አሮጌ ጣት ነው። ሳይታወቃት ከወንበሯ ተነሥታ ቆማ ነበር። ኦፊር እንኳን መሳቁን ተወ።

«ማህተሙስ?» አለች በሹክሹክታ።

«የደረሰኝ ቁጥር ሰጥተውሻል። ያውልሽ። አይጠፋም።»

«ቤቱ ቢቃጠልስ?»

«ቢቃጠልም።»

«እኔ ብሞትስ?»

«ብትሞቺም እዚያ ነው፣ እማ። ዋጋዬ ፈረደ ለደስታዬ ከፈለች፣ ዘመዷ አይደለችም፣ ተብሎ ለዘላለም ተጽፏል።»

ዋጋዬ ይሄን ስትሰማ ደነገጠች። ወደ ደስታዬ ዞራ እጇን ያዘቻት። «ቅር እንዳይልሽ ልጄ። ለአንቺ ብዬ ነው። ባልሽም እንዳይከፋው ንገሪው። ለመንግሥት እንጂ ለእኛ እኮ ምንም አልተለወጠም።»

ደስታዬ የሱፍ ልጣጩን በሳህኑ ላይ ተፋች።

«እትዬ ዋጋዬ፣ ዘመድ አይደለችም ማለት በአንድ ጣት የሚያልቅ ከሆነ፣ ያኔ ኦፊር ሊያገባኝ ሲጠይቅዎት ምን አስቆጠረዎት?»