ከመኪና ጀርባ የተለቀሙ ቃላት

ጋሽ አርማ ከታመመበት አልጋ ሲነሳ እግሩን እየጎተተም ቢሆን መራመድ ቻለ፤ ምላሱ ግን አብሮት አልተነሳም። ቀኝ እጁም ዝሎ ከጎኑ ተንጠልጥሎ ቀረ። ሐኪሟ ሚስቱን ወደ ጥግ ወስዳ፣ "አእምሮው ደህና ነው፤ ከአእምሮው ወደ ምላሱ የሚወስደው መንገድ ነው የተበላሸው" ብላ አስረዳቻት። ሚስቱ ልብስ ሰፊ ናት። የተተረተረ ሁሉ በመርፌ ይጠቀማል ብሎ ማመን የሙያዋ ልማድ ነውና፣ "እሺ፣ ቀስ እያልን እንጠቅመዋለና" አለች።

የመጀመሪያው ቃል ምን ሆኖ እንደሚመጣ ግን አላሰበችውም ነበር። አንድ ጠዋት ሻይ ስታቀርብለት ብርጭቆውን በግራ እጁ ተቀበለ፣ ፉት አለ፣ ዓይን ዓይኗን እያየ ጥርት ባለ ድምፅ፣

"ቱርቦ!" አላት።

ክው ብላ ቀረች። በማግስቱ ደግሞ "ዴሉክስ" አለ። ከዚያ "ዲዝል"፣ "አውቶማቲክ"፣ "ፎር ዊል"። ውሃ በል ቢሉት አይልም፣ ስምህ ማነው ቢሉት አይልም። ከመኪና ጀርባ ላይ ተለጥፎ የሚነበበው ብቻ ከአፉ እንደ ልቡ ይወጣል።

ነገሩ ከሰማይ የወረደ አልነበረም። ይህ ሰው ዕድሜውን የፈጀው በመኪና አርማና ጽሑፍ ላይ ነው። የወለቀውን ይገጥማል፤ የጠፋውን ከላሜራ ቆርጦ፣ በብርጭቆ ወረቀት አሽቶ፣ ከፋብሪካ የወጣ አስመስሎ ይሠራል፤ በመኪና በር ላይ የድርጅት ስም ይጽፋል። የወርክሾፑ ግድግዳ በየምስማሩ በተንጠለጠሉ ኮከቦች፣ ቀለበቶች፣ ክንፎችና ጥርሳቸውን ባገጠጡ አውሬዎች የተሞላ ነው። ሥራ ላይ ሆኖ የሚወለውለውን ቃል ማንጎራጎር ይወድ ነበር፤ ሌላው ሰው ዘፈን ሲያንጎራጉር እሱ "ኢንተርኩለር፣ ኢንተርኩለር" ይላል። በሽታው ሌላውን ሁሉ ጠራርጎ ሲወስድ እነዚህን ሳያያቸው አለፈ። ማንበብ እንኳ ጠፍቶበታል፤ የገዛ እጁ ጽሑፍ ፊት ቆሞ የማያውቀውን ሰው እንደሚያይ ያየዋል።

ሰፈሩ መቼም ፍርድ ለመስጠት አይዘገይም። "ጭንቅላቱን ነክቶታል" ተባለ። ሊጠይቁ የሚመጡት ፊቱ ተቀምጠው እሷን ይጠይቋታል። "ይበላል? ይተኛል? ሰው ይለያል?" እሱ መሐላቸው ሆኖ ዓይኑን ከአንዱ ወደ አንዱ ያንከራትታል። እሷን የሚያንገበግባት ከበሽታው ይልቅ ይህ ነበር። ገና በሕይወት ያለን ሰው እንዴት የሩቅ ወሬ ያደርጉታል?

ታናሽ ወንድሙ የጭነት መኪና ሹፌር ነው። ቤቱና ወርክሾፑ የሁለቱ የአባት ውርስ ስለሆነ ቃሉ ክብደት አለው። ክፉ ሰው አይደለም፤ ሆስፒታል በር ላይ ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙሮ ሲያለቅስ አይታዋለች። አንድ ቀን መጥቶ ተቀመጠ፣ ጉሮሮውን ጠረገ፣ ቆቡን አወለቀ፣ መልሶ አደረገ፣ ስለ አየሩ አወራ፣ ደግሞ ጉሮሮውን ጠረገ። በመጨረሻ ሞተሩ ተነሳለት።

"እትዬ፣ እኔ ለሱ ብዬ ነው። ወርክሾፑ ተዘግቶ አቧራ ይጠጣል። አንድ ጎማ ነጋዴ ይፈልገዋል። እናከራየውና እሱም አርፎ ጓዳ ይተኛ። ደግሞም መንገድ ላይ ያየሁትን ልንገርሽ…" ብሎ ቀጠለ፣ ቀጠለ፣ ቀጠለ።

ጋሽ አርማ ወደ ሚስቱ ዞሮ፣ "ዲዝል" አላት።

"አየሽ?" አለ ወንድምየው እያዘነ። "አየሽ እንዴት እንደሆነ?"

እሷ ግን ሳቋ አመለጣት። ሆዷን ይዛ ሳቀች። ለመነሳት ያን ያህል የሚያስቸግር፣ አንዴ ከተነሳ የማይቆም፣ እያጓራ የሚሄድ! ከዚህ የበለጠ ማን ይገልጸው ነበር? ከሳቋ ስትመለስ ሌላውም ሁሉ በራላት። ቱርቦ ያለው ሻዩ ሲተኩስና ጠንከር ሲል ነው። ዴሉክስ ያለው ጎረቤታቸው ለጥየቃ ጌጧን ሁሉ ደርድራ የመጣች ቀን ነው። እሷን ራሷን፣ ዝናብ እየደበደባት መድኃኒት ይዛለት የገባች ዕለት፣ ፎር ዊል ብሏታል። ጭቃ የማይዛት!

"ያወራል እኮ! እኛ ነን የማንሰማው!" አለች።

ወንድምየው ግን ራሱን ነቀነቀ። "እትዬ፣ መስማት የምትፈልጊውን ነው የምትሰሚው። ሰው ሲጨንቀው እንዲህ ነው። በሳምንቱ መጨረሻ ሰውየው ቤቱን ሊያይ ይመጣል።"

ይህች ቃል እንደ መርፌ ወጋቻት። እውነቱን ቢሆንስ? ባሏ ባዶ ቃል እየጣለ እሷ እየለቀመች ትርጉም እየሰፋችለት ቢሆንስ? ጎማው ገብቶ ግድግዳው ከተራቆተ ደግሞ፣ ጋሽ አርማ ጓዳ ውስጥ ቁጭ ብሎ የሚጠብቀው ነገር አይኖረውም። ያን ማሰብ አስፈራት።

በነጋታው የጤና ጣቢያው አዋላጅ መጣች። ሰፈሩ ሁሉ ሲስተር ነው የሚላት። አንድ ጎኑ ትንሽ የተጨረመተ አሮጌ ነጭ ሚኒባስ ነድታ ደጃፉ ላይ አቆመች።

"ይቺን ገዛን። ምጥ የያዛቸውን ከዳገቱ ሰፈር ወደ ጤና ጣቢያው እናመላልስባታለን። አርማ እፈልጋለሁ፣ የጤና ጣቢያውንም ስም። ማንበብ የማይችሉ አሉ፤ ምጥ ሲመጣ ደግሞ የሚችሉትም ያው ናቸው። የጋሽ አርማን እጅ ፈልጌ ነው የመጣሁት።"

መታመሙን አልሰማችም ነበር። ሚስትየዋ እውነቱን ለመናገር አፏን ከፈተች፤ ባሏን ስታየው ግን ከወንበሩ ቀና ብሎ ሚኒባሱን ከጎማ እስከ ጣሪያ በዓይኑ ይለካል። እንዲህ ሲያይ ካየችው ስንት ጊዜዋ!

"ይሠራል" አለች። የቸገረው እርጉዝ ያገባል እንዲሉ፣ እሷም የቸገራት እርጉዝ የምትጫንበትን መኪና ተቀበለች።

ሲስተር ሚኒባሱን ትታ እንደሄደች ጥቁር ላሜራ ፊቱ አቁማ ጠመኔ በግራ እጁ አስያዘችው። ጤነኛ ሳለ አንድ የሚደጋግመው ነገር ነበረው። "ጽሑፍ ቆሞ ለሚያነብ ነው፤ አርማ ለሚሮጥ ሰው ነው" ይል ነበር። አሁን ጠመኔው እየተንቀጠቀጠ ትልቅ ክብ ሣለ። ክቡ ጠማማ ነው። መሐሉ ላይ ትንሽ ክብ ጨመረ።

"ጎማ?" አለችው።

ዓይኑን አፍጥጦ ሥራውን አየ። ጎማ ነዋ! ያውም ሊነቅላቸው የተዘጋጀው ጎማ! ጨርቅ ነጥቋት ትንሿን ክብ አጠፋና ዝቅ አድርጎ፣ የትልቁን ክብ ታች ጠርዝ አስደግፎ፣ እንደገና ሣላት። ሚስትየዋ ስታየው እጇ ሳታዝዘው ሆዷ ላይ አረፈ። ልጆቿን ያረገዘችበት ጊዜ፣ ያ ወደ ታች የሚጎትት ክብደት መጣባት። ሥዕሉ ምንም ሳይጻፍበት ነፍሰ ጡር ነበረ። ጋሽ አርማ እጇን አይቶ በሚታዘዝለት የፊቱ ጎን ፈገግ አለ።

ቅርጹን በካርቶን ቆረጠች፤ መቀስ ላይ ማንም አያህላትም። እሱ ሥራ ሲበዛበት ካርቶኑን የምትቆርጥለት፣ ብሩሹን የምታቀብለው እሷ ስለነበረች ቀለሙም አይጠፋትም። በሳምንቱ መጨረሻ ወንድምየው ጋሽ አርማን እጅና እግሩን ወደሚያሹለት ክሊኒክ ወሰደው። እሷ ያን ጊዜ ብቻዋን ቀረች። ሲመለሱ ያለቀ ሥራ ይጠብቃቸው፣ ወንድምየውም በዓይኑ አይቶ ይመን ብላ እጅጌዋን ሰበሰበች። ከተንሸራታቹ በር በስተኋላ ያለው የመኪናው ጎን ሰፊና ለጥ ያለ ነው፤ ጠረጴዛ ላይ እንደተዘረጋ አቡጀዲ አማራት። አርማውን ቀይ አድርጋ እዚያ ላይ አሳረፈችው። ስሙን ከሥሩ ጻፈች። ርቃ አየችው፣ ቀርባ አየችው፣ ኮራች። ልብስ ሰፊ ሆና፣ ልብስ ቆመው ብቻ ሳይሆን ጎንበስ ቀናም እያሉ እንደሚለብሱት እያወቀች፣ አንድ ነገር ረስታለች።

ወንድማማቾቹ ሲመለሱ ጎማ ነጋዴው አብሯቸው ነበር። ረጅም ሰው ነው፤ ገና ሳይቀመጥ ሜትሩን መዞ ግድግዳ መለካት ጀመረ። "ይሄ ሁሉ ቆርቆሮ ይነሳል አይደል?" አለ ወደ ኮከቦቹ እየጠቆመ። በዚያው ሲስተርም ሥራዋን ልታይ ደረሰች፤ አርማውን ስታይ እጇን አፏ ላይ ጫነች። "እኔን! ምን ዓይነት ጭንቅላት ነው ይሄን ያሰበ!" አለች።

ሚስትየዋ የባሏን ፊት ጠበቀች። ጋሽ አርማ ከዘራውን ተደግፎ ቆሞ ሚኒባሱን አየ። ፊቱ ጠቆረ።

"አውቶማቲክ" አለ።

"ምነው? ቀለሙ ነው?"

"አውቶማቲክ! አውቶማቲክ!" ከዘራውን መሬት ላይ ደበደበው። ግንባሩ ላብ አወጣ።

"ጽሑፉ ተጣሞ ነው? አሳየኝ እስቲ!"

"አውቶማቲክ!!" ድምፁ ግድግዳው ላይ ያሉትን ብረቶች አንቀጫቀጨ። ጎማ ነጋዴው ሜትሩን ይዞ ወደ በሩ ሸሸት አለ። ሲስተር መታመሙ አሁን ገባትና አንገቷን ደፋች።

"እትዬ" አለ ወንድምየው በለሆሳስ። "በቃ። አታሠቃዪው።"

ስትለቅመው የከረመችው ሁሉ ከእጇ የተበተነ መሰላት። ይኸው፣ ቆንጆ ሥራ ፊት ቆሞ ትርጉም የሌለው ቃል ይጮኻል። የሰማሁት የራሴን ምኞት ነበር ማለት ነው አለች በልቧ፣ እንባዋም መጣ።

ጋሽ አርማ ግን ከዘራውን ጣለው። እግሩን እየጎተተ ወደ ሚኒባሱ ሄደ። ወንድምየው ሊደግፈው ሲንደረደር እሷ ክንዱን ያዘችው። "ተወው" አለች፣ ለምን እንዳለች ሳታውቅ። ባሏ በግራ እጁ የበሩን እጀታ ጨበጠ፣ ክብደቱን ጣለበትና ሳበው። በሩ እያጉረመረመ ወደ ኋላ ተንሸራተተ፤ በተንሸራተተ ቁጥርም ሰፊውን ጎን እየሸፈነ ሄደ። አርማው ገባ። ስሙ ገባ። መኪናው ነጭ ሆኖ ቀረ።

ጋሽ አርማ እያለከለከ ወደነሱ ዞረ። "አውቶማቲክ" አለ፣ አሁን በዝግታ፣ ነገር እንደሚያስረዳ ሰው። በሩ ሲከፈት በራሱ ጊዜ ይሸፍነዋል ማለቱ ነበር።

"ወይኔ!" አለች ሲስተር። "እኛ እኮ በሩን ከፍተን ነው የምንጠብቃቸው! የሚፈልጉን ያኔ ነው!"

ሚስትየዋ በሠራችው ስህተት እንደዚያን ቀን ተደስታ አታውቅም። እሷ ያላየችውን፣ ሁሉም ያላዩትን፣ እሱ ከበር ሳይገባ አይቶታል። አለ! ሙሉ ሰው ሆኖ እዚያው ውስጡ አለ!

ወንድምየው ቆቡን አወለቀ። ለማውራት እንደተለመደው ብዙ ጊዜ ወሰደበት። ሲያወራ ግን ወደ እሷ አላየም፤ ወንድሙ ፊት ሄዶ ቆመ።

"ወንድም ጋሼ" አለ ድምፁ እየተሰበረ፣ "ታዲያ የት እናድርገው?"

ከታመመ ጀምሮ፣ ከሚስቱ ሌላ፣ እሱን ራሱን ሐሳቡን የጠየቀው የመጀመሪያው ሰው ነበር። ጋሽ አርማ ተንሸራታቹን በር በመዳፉ መታ መታ አደረገ። ቢከፈትም ቢዘጋም የማይሸፈነው እሱ ነው። ቀጥሎ ጣቱን ወደ ጣሪያው ጠርዝ ቀሰረ፤ ስሙ ደግሞ እዚያ ይሁን ነው። ወንድምየው እሺ ብሎ ኮቱን አውልቆ ወንበር ላይ ጣለ።

"ቤቱስ?" አለ ጎማ ነጋዴው።

"ቤቱ ሥራ ላይ ነው፤ አታየውም እንዴ?" አለው ሹፌሩ፣ ቀለም ማስለቀቂያ ቲነርና ጨርቅ እየፈለገ። ጎማ ነጋዴው ሜትሩን ጠቅልሎ ኪሱ ከተተ፤ ቂም ግን አልያዘም፤ ሲወጣ አርማውን ለማየት በሩን ራሱ ዘግቶ ከፍቶ ሞከረው።

ሲስተር ከገባች ጀምሮ የምታወራው ከሚስትየዋ ጋር ነበር። አሁን ጋሽ አርማ አጠገብ ሄዳ እንደ ማንኛውም ደንበኛ እጇን ወገቧ ላይ አደረገች።

"ጋሼ፣ ለመቼ ይደርስልኛል?"

ከንፈሩ ተንቀሳቀሰ። "ቱ…" አለና ተወው። ራሱን በቁጣ ነቀነቀ። አንገቱ ላይ ያለው ሥር ተገተረ። ሚስትየዋ ልታግዘው ብላ ቃል አፏ ላይ ደረሰ፤ ጥርሷን ነክሳ ዋጠችው። ጊዜ ይስጡት። ጊዜ ሰጡት።

"ነገ" አለ ጋሽ አርማ።

ነገ! በየትኛውም አገር በየትኛውም መኪና ጀርባ ላይ ያልተጻፈ ቃል። ወርክሾፕ ያለው ሁሉ፣ እንጨት ሠሪው፣ ጫማ ሰፊው፣ እሷም ራሷ በስፌት መኪናዋ ላይ አጎንብሳ፣ ለደንበኛ ሁሉ የሚወረውሯት ያች አሮጌ የባለሙያ ውሸት። በዚህች ቃል የተነሳ ከስንት ደንበኛ ጋር ተጣልተዋል፣ ከስንቱ ተደብቀዋል! አሁን ግን ባሏ ከየት ቆፍሮ እንዳወጣት እግዜር ይወቅ፤ ስትሰማት አንጀቷ ቅቤ ጠጣ። ሳቋና እንባዋ አንድ ላይ መጣባት፣ የቱን እንደምትጠርግም ጠፋት። ከሚኒባሱ ኋላ ወንድምየው በቲነር የራሰውን ጨርቅ እንደያዘ ቀና ብሎ በክንዱ ዓይኑን አበሰ።

ምን እንደተፈጠረ ያልገባት ሲስተር ብቻ ነበረች። ደንበኛ ናትና መጠርጠሯ አልቀረም።

"የእውነት ነገ ነው፣ ጋሼ፣ ወይስ የባለሙያ ነገ?"

ጋሽ አርማ አሰበበት። ለዚህ መልስ የሚሆን ቃል ገና አልነበረውም፤ ያችኑ ያለችውን ግን ጣፍጣዋለችና ደገማት።

"ነገ" አለ፣ ብሩሹንም ለማምጣት እግሩን እየጎተተ ወደ ውስጥ ገባ።